የሦስተኛው አልጋ መብራት

የጀመረው ሰኞ ጠዋት ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ ነው። አሶሳ፣ ከመናኸሪያው ጀርባ ባለችው የጥገና ወርክሾፕ በር ላይ የዲግሪዬን ፎቶኮፒ በፕላስቲክ ይዤ ቆሜ ነበር። አንዴ አንኳኳሁ። ማንም አልመጣም። ደግሜ ማንኳኳት አፈርኩና እዚያው ቆሜ ቀረሁ። ሃያ ደቂቃ ያህል ሳይሆን አይቀርም። በመጨረሻ አንድ ሽማግሌ ረጅም ሽመል፣ የአገራችንን ቀርከሃ፣ በትከሻቸው ተሸክመው ከጓሮ ብቅ አሉ።

"አንተ ማነህ?"

"ሲፈን እባላለሁ። አዲሷ ተቀጣሪ ነኝ። አንኳኩቼ ነበር።"

"ስንት ጊዜ?"

"አንዴ።"

ሽመሉን ከትከሻቸው አውርደው መሬት ላይ አቆሙትና አዩኝ። "ሰው ካልሰማስ?"

"ና ግባ" አሉኝና ገባሁ።

ባለፈው ዓርብ የዚያን በር ቁልፍ አስረከብኩ። ከመጪው ሳምንት ጀምሮ እዚሁ ከተማ በቴክኒክ ኮሌጅ አሠልጣኝ እሆናለሁ። የሠራሁት ስድስት ዓመት ብቻ ስለሆነ "የሥራ ዘመን" ብዬ ለመጻፍ አፍሬ ነበር። ሠላሳ ዓመት ያገለገሉ ሰዎች ናቸው እንዲህ ያለ ነገር የሚጽፉት። ግን ክፍል ገብቼ ስለ መብራትና ስለ ፒን ከማስተማሬ በፊት አንድ ነገር በወረቀት ላይ ማስፈር ይኖርብኛል። ካልጻፍኩት ለተማሪዎቼ ግማሹን ብቻ እንደምነግራቸው ራሴን አውቃለሁ።

ሽማግሌው ጋሽ ኢድሪስ ናቸው። አፋቸውን የፈቱት በበርታ ቋንቋ ነው፤ በአማርኛቸው ሴቱም ወንዱም "አንተ" ነበር። የወርክሾፑ ኃላፊ አቶ ደረጀ ሊያርሟቸው ሞክረው ተስፋ ቆርጠዋል። እኔ ግን ወድጄው ነበር። ዩኒቨርሲቲ ሳለሁ በተግባር ልምምድ ክፍል ውስጥ "አንቺ ተይው፣ እጅሽ ይቃጠላል" የሚሉኝ ብዙ ነበሩ። ጋሽ ኢድሪስ "ያዝ" ነበር የሚሉኝ።

ሥራችን የጤና ጣቢያና የትምህርት ቤት ዕቃ መጠገን ነበር፤ ሚዛን፣ የክትባት ማቀዝቀዣ፣ የሶላር ቻርጀር፣ ደወል። ስለ ደመወዙ ብዙ የምለው የለም። የውሎ አበል ሁልጊዜ ይዘገያል፤ አንዲት ሬዚስተር ከመጋዘን ለማውጣት ሦስት ሰው ይፈርማል። በዚያው ዓመት ከየት እንደመጡ ያልታወቁ ማይክሮኮንትሮለሮች፣ በኮድ የሚታዘዙ ትንንሽ ቺፖች፣ በካርቶን ተልከው መደርደሪያ ላይ ተቀምጠው ነበር። ማንም አልነካቸውም። እኔ ኮድ መጻፍ እችላለሁ፤ ጋሽ ኢድሪስ ደግሞ አርባ ዓመት ሙሉ ሬዲዮ ፈተው የገጠሙ ሰው ናቸው። አንዷን ካርቶን ከፍተን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጥን።

"እግሩ ብዙ ነው" አሉ ጥቁሯን ቺፕ በመነጽራቸው ስር እያገላበጡ። "ጉንዳን።" ከዚያ ቀን ጀምሮ ስሟ ጉንዳኑ ሆነ።

በመጀመሪያው ቀን ነው አንዱን ፒን፣ ከጉንዳኑ እግሮች አንዱን፣ የገደልኩት። ነገሩ በመርህ ደረጃ ቀላል ነው። ኮዱ ፒኑን "ከፍ" ሲለው አምስት ቮልት ይወጣል፣ መብራቱ ይበራል፤ "ዝቅ" ሲለው ይጠፋል። በመሐል ግን የሚፈሰውን ኤሌክትሪክ የምትገታ ሬዚስተር መግባት አለባት። በዚህ ጥያቄ ፈተና ላይ ሙሉ ማርክ ያገኘሁ ሰው ነኝ። ጠረጴዛው ላይ ግን ቸኩዬ ትንሿን ቀይ መብራት በቀጥታ ፒኑ ላይ አሰርኳት። ለአንድ አፍታ በጣም ደምቃ በራች። ከዚያ ጠፋች፤ ፒኑም ከዚያ በኋላ ተነስቶ አያውቅም። ጋሽ ኢድሪስ አልተቆጡም።

"ጉንዳኑ ራሱ አይሸከም" አሉኝ። "ለትልቁ ይንገር። ትልቁ ይሸከም።"

ትራንዚስተርና ሪሌይ የሚሠሩትን ሥራ ከዚያ አሳጥሮ የነገረኝ መምህር አላጋጠመኝም። ፒን የሚችለው ትንሽ ነው፤ ትልቁን አምፖል የሚያበራው በፒኑ ትእዛዝ የሚከፈትና የሚዘጋ ሌላ በር ነው።

መንገዱ ሰላም በሆነበት አንድ በጋ ሁለት ወር ማንቡክ ከተማ ተመድቤ ነበር። የአንድ ትምህርት ቤት ግቢ መብራት ሲመሽ በራሱ እንዲበራ፣ ሲነጋ እንዲጠፋ አደረግኩና ወደ ማደሪያዬ ተመለስኩ። በማግስቱ ጥበቃው ደወሉልኝ።

"ልጄ፣ መብራትሽ ደህና ነው። ቀን ቀን ፀሐይን ያግዛታል፤ ማታ ማታ ይተኛል።"

የተላከልን ሪሌይ ትእዛዙን ገልብጦ የሚሰማ ዓይነት ነበር፤ ፒኑ ዝቅ ሲል ነው የሚያበራው። ወርክሾፕ ውስጥ የሞከርኩት በሌላ ሪሌይ ስለነበር አላወቅኩም። ተመልሼ ሄጄ በኮዱ ውስጥ ሁለት ቃል አቀያየርኩ። ጥበቃው ለመንደሩ ሁሉ "የፀሐይ ረዳት መጣች" ብለው አስተዋወቁኝ። በአፍረት መሬት ብትውጠኝ ደስ ይለኝ ነበር።

አሁን ስለ ጋሽ ኢድሪስ አሠራር ልጻፍ፤ ሁሉም ነገር የሚዞረው እሱ ላይ ነውና። ሽቦ ግድግዳ ላይ ተንጠልጥሎ ማየት አይወዱም። የፕላስቲክ ቱቦ ከአዲስ አበባ እስኪመጣ ከመጠበቅ ሽመሉን ለሁለት ሰንጥቀው፣ ውስጡን በቢላ ልገው፣ ሽቦውን አስተኝተው መልሰው ይገጥሙታል። ግድግዳው ላይ ሲታይ እንደ ጌጥ ነው። አለቀ ብለውም አያውቁም። አንድን ዕቃ ከማስረከባቸው በፊት ሥራ ላይ እያለ ድንገት መሰኪያውን ይነቅሉታል። ከዚያ በዓረብኛ ይቆጥራሉ፤ ዋሂድ፣ ኢትኔን፣ ተላታ፣ እስከ ሰባት። ሰባት ሲደርሱ መልሰው ይሰኩና ዓይናቸውን ሳይነቅሉ ያዩታል።

"ለምን እስከ ሰባት ጋሽ ኢድሪስ?"

"ውስጡ ትንሽ ነፍስ ይቀራል። በደንብ ይሙት። ሞቶ ሲነሳ ምን እንደሚል ሰምተህ ነው የምትሰጥ።"

በእኛ ከተማ መብራት በቀን ስንት ጊዜ እንደሚሄድና እንደሚመጣ ለሚያውቅ ሰው ይህ ልማድ ማብራሪያ አያስፈልገውም። እኔም ያዝኩት። ያዝኩት ብዬ አምን ነበር።

በአምስተኛው ዓመት ጋሽ ኢድሪስ ጡረታ ወጡ። በሽኝታቸው ላይ ከርከዴ ጠጣን፣ አቶ ደረጀ ንግግር አደረጉ፤ ጋሽ ኢድሪስም "ኻላስ፣ ሥራ ሂዱ" ብለው ተነሱ። በሳምንቱ ብቻዬን የምመራው የመጀመሪያ ሥራ ተሰጠኝ። ከአሶሳ የአንድ ሰዓት መንገድ ያህል በምትርቅ አንዲት ጤና ጣቢያ፣ የወለዱ እናቶች የሚያርፉበት ክፍል ስድስት አልጋ አለው። ነርሷ የምትቀመጠው በኮሪደሩ ጫፍ ነው። እናት ስትፈልጋት የምትጠራበት መንገድ አልነበረም። በየአልጋው አንድ ቁልፍ፣ በነርሷ ጠረጴዛ ላይ ስድስት መብራት ያለው ሳጥን ሠራሁ፤ ውስጡ ያለው ጉንዳኑ ነው። እናትየዋ አንዴ ስትጫን የአልጋዋ መብራት ይበራል፤ ነርሷ አልጋው ድረስ ሄዳ እስክታጠፋው ድረስ እንደበራ ይቆያል። ደጋግሞ መጫን እንዳያስፈልግ ሆን ብዬ ነው እንዲህ ያደረግኩት። ደግሞ መጥራት የሚከብደው ሰው ምን እንደሚሰማው አውቃለሁ።

ሽመሉን ሰነጠቅኩ፣ ሽቦውን አስተኛሁ። ከማስረከቤ በፊት መሰኪያውን ነቀልኩ፣ እስከ ሰባት ቆጠርኩ፣ መልሼ ሰካሁ። ስድስቱም መብራት ጠፍቶ ነበር፤ ስድስቱም እንደጠፋ ተነሳ። ምንም አልተዛባም። ቁልፎቹን አንድ በአንድ ተጫንኩ፤ ሁሉም በሩ። ፈርሜ አስረከብኩ።

ሲስተር አስካለ በዚያ ክፍል አሥራ አንድ ዓመት የሠራች ነርስ ናት። ሳጥኑን ወደደችው። "ድሮ በየግማሽ ሰዓቱ እየተመላለስኩ እግሬ ነበር የሚያልቀው" አለችኝ። "አሁን ቁጭ ብዬ ማየት ነው። አንቺ ልጅ ጉልበቴን መለስሽልኝ።" ይህን ስትለኝ ደስ አለኝ። መመላለሱ መቅረቱን ግን ያኔ ልብ አላልኩም።

ሦስት ወር እንከን አልነበረውም። ከዚያ በክረምት፣ አንድ ከሰዓት በኋላ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ፣ ሦስተኛው አልጋ ላይ የነበረች ሐዋ የምትባል እናት ደም ይፈሳት ጀመር። በዚያው ጠዋት ነው የወለደችው። ከገበያ በርበሬ ይዛ ልትጠይቃት የመጣች የባሏ እህት ፍራሹን አይታ እየጮኸች እስክትወጣ ድረስ ማንም አልመጣም። ሐዋ በአምቡላንስ አሶሳ ሆስፒታል ደርሳ፣ ደም ተሰጥቷት ተረፈች።

ሐዋ ቁልፉን ተጭኛለሁ አለች። ሲስተር አስካለ መብራቱ አልበራም አለች። የዲሲፕሊን ኮሚቴ ተቋቋመ። አቶ ደረጀ ሳጥኑን ፈትሼ እንድመጣ ላኩኝ። ሄድኩ፤ ስድስቱንም ቁልፍ ተጫንኩ፤ ስድስቱም በራ። ሲስተር አስካለ አጠገቤ ቆማ ነበር።

"ከማዋለጃ ክፍል ወጥቼ ሳየው ጨለማ ነበር" አለች። "በልጆቼ ስም እምላለሁ።"

"አሁን ይበራል ሲስተር።"

"ልክ ነሽ" አለች ረጋ ብላ። "አሁን ይበራል።"

"ሳጥኑ ተፈትሾ በትክክል እንደሚሠራ ተረጋግጧል" ብዬ ጻፍኩ፤ ፈረምኩ፤ ማህተም ተመታበት። የጻፍኩት ሐሰት አልነበረም። ግን ያች ወረቀት በሲስተር አስካለ ፋይል ውስጥ ገባች፤ ነርሷ ከሥራ የመባረሯ ነገር የተንጠለጠለው በዚያች ወረቀት ላይ ሆነ።

"አሁን ይበራል" ያለችበት ድምፅ ከጆሮዬ አልወጣ አለ። በአምስተኛው ቀን፣ ማንም ሳይልከኝ፣ ሆስፒታል ሄጄ ሐዋን አገኘኋት። ሕፃኑን ታቅፋ ነበር። ማን እንደሆንኩ ስነግራት ደነገጠች፤ ልወቅሳት የመጣሁ መሰላት።

"እኔ ተጫንኩ" አለችኝ። "ወላሂ ተጫንኩ።"

"አምንሻለሁ። ስንት ጊዜ ነው የተጫንሽው?"

"አንዴ።"

"ለምን አልደገምሽም?"

ሕፃኑን አስተካከለች። "አንዴ ጠራሁ። ሲስተር ሥራ አለ፣ ሌላ እናት አለ። ደጋግሞ መጥራት ነውር ነው።"

ልሰናበት ስል ግን አንድ ነገር ጠየቅኳት። "ያን ጊዜ ዝናብ ነበር አይደል? መብራት ሄዶ ነበር?"

"ሄደ፣ መጣ። ዓይን ጨፍኖ እንደመክፈት።"

ወደ ወርክሾፕ የተመለስኩት በእግሬ ነው፤ ባጃጅ መያዝ ትዝ አላለኝም። ለሌሎች ጤና ጣቢያዎች የሠራሁትን ተመሳሳይ ሳጥን ከመደርደሪያ አውርጄ ሰካሁት። የሦስተኛውን አልጋ ቁልፍ ተጫንኩ። በራ። እንደበራ ነቀልኩት። ሰባት ቆጥሬ መልሼ ሰካሁት። ስድስቱም ጨለማ ነበሩ።

ጉንዳኑ ኤሌክትሪክ ሲቋረጥበት ሁሉን ይረሳል። ሲነሳ መጀመሪያ የሚያነበው እኔ የጻፍኩትን መስመር ነው፤ "ሁሉንም ፒን ዝቅ አድርግ" ይላል። የሐዋ ጥሪ በዚያች መስመር ጠፋ። ሐዋ ጠርቻለሁ ብላ ጠበቀች፤ ሲስተር አስካለ ማንም አልጠራኝም ብላ ካርድ ትሞላ ነበር። ሁለቱም እውነታቸውን ነው።

ለአቶ ደረጀ ነገርኳቸው። ክፉ ሰው አይደሉም፤ ግን ወንበራቸው ላይ ወደ ኋላ ተለጠጡ።

"ሲፈን፣ የፈረምሽውን ወረቀት መልሰሽ ልትበይው ነው?"

"ወረቀቱ ተሳስቷል።"

"ሌሎች አራት ጤና ጣቢያዎች ይህንኑ ሳጥን ይጠብቃሉ። ዝም ብለሽ ኮዱን አስተካክይው። ማን ይጠይቅሻል?"

"ሲስተር አስካለስ?"

"እሱ የኮሚቴው ጉዳይ ነው። ነገ ሦስት ሰዓት እዚያው ጤና ጣቢያው ይሰበሰባሉ፤ ይወስናሉ።" ቆይተው ደግሞ፣ "ልሂድ ካልሽ አልከለክልሽም። ደብዳቤ ግን አልጽፍልሽም" አሉኝ።

ጋሽ ኢድሪስ ቤት ስደርስ አሥራ አንድ ሰዓት ሆኖ ነበር። ማንጎው ስር ተቀምጠው ለአጥር የሚሆን ሽመል ይሰነጥቃሉ። ሁሉንም ነገርኳቸው። ቢላቸውን ሳያቆሙ ሰሙኝ።

"ነቅለህ ነበር?"

"ነቅዬ ነበር። እስከ ሰባት ቆጥሬያለሁ።"

"ምን እየሠራ እያለ?"

ያኔ ገባኝ። "ምንም" አልኩ። "ሁሉም ጠፍቶ ሳለ።"

"የተኛውን ነቅለህ ምን ታውቃለህ?" ቢላቸውን አስቀመጡ። "እኔ አርባ ዓመት የሚሠራውን ነው የምነቅል። አንተ አጠገቤ ቆመህ ቁጥሩን ብቻ ያዝክ።"

ከዚህ የባሰ ተቆጥተውኝ አያውቁም፤ ድምፃቸውም ከፍ አላለም። መፍትሔዬን ነገርኳቸው። ቺፗ ውስጥ ኤሌክትሪክ ቢቋረጥም የማይጠፋ ማስታወሻ አለ፤ የበራውን እዚያ እጽፋለሁ፣ ሲነሳ ያነባል አልኳቸው።

"ማስታወሻው ቢሳሳትስ?"

"አልፎ አልፎ ሊሳሳት ይችላል።"

"ጉንዳኑ ሲነቃ ማን እንደጠራ ያውቃል?"

"አያውቅም።"

"የማያውቅ ሰው ምን ያደርጋል? ዝም ይላል?"

"ይጠይቃል።"

"እንግዲህ ይጠይቅ። ሲነቃ ስድስቱንም ያብራ። ሲስተር ተነስቶ፣ ሄዶ፣ ስድስቱንም ይይ።"

አንድ ቃል ነበር የሚቀየረው። "ዝቅ" የሚለው "ከፍ" ይሆናል። ስድስት ዓመት ኮድ ስጽፍ ከዚያ ያጠረ እርማት አላደረግኩም።

ለመሄድ ስነሳ ጋሽ ኢድሪስ እስከ አጥሩ ሸኙኝ። "ነገ እዚያ ትናገራለህ" አሉኝ። "አንዴ ትናገራለህ። ሰው ካልሰማ ዝም ትላለህ። አውቅሃለሁ፤ በር ላይ ነው ያገኘሁህ።"

"ጋሽ ኢድሪስ፣ እፈራለሁ።"

"ፍራ። ግን ድገም።"

በማግስቱ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ የመጀመሪያውን ሚኒባስ ያዝኩ። ላፕቶፔን ጭኔ ላይ አድርጌ፣ በየጉድጓዱ በዘለልን ቁጥር የምናገረውን በልቤ እደግም ነበር። ሦስት ሰዓት ላይ አምስቱ የኮሚቴ አባላት ተቀምጠዋል፤ ሲስተር አስካለ ነጭ ጋዋኗን ሳትለብስ ከበሩ አጠገብ ተቀምጣለች። ሰብሳቢው ለምን እንደመጣሁ ጠየቁኝ።

"የፈረምኩትን ወረቀት ላነሳ ነው የመጣሁት" አልኩ። ድምፄ ለራሴም አልተሰማኝም። አንዱ አባል ስለ ቃለ ጉባኤው ማውራት ጀመረ፤ ሰብሳቢው ወደ እሱ ዞሩ። ሲስተር አስካለ መሬት መሬት ታያለች። በሩ ከኋላዬ ክፍት ነበር።

"የፈረምኩትን ወረቀት ላነሳ ነው የመጣሁት" አልኩ ደግሜ። ሁሉም ቀና አሉ። "ሲስተር አስካለ እውነቷን ነው። ሐዋም እውነቷን ነው። ስህተቱ የእኔ ነው። አምስት ደቂቃ ስጡኝ፤ ላሳያችሁ።"

ተከትለውኝ ወደ ክፍሉ መጡ። ሦስተኛው አልጋ ባዶ ነበር። ቁልፉን ተጫንኩ፤ ኮሪደሩ ጫፍ ያለው መብራት በራ። "በርቷል" አሉ ሰብሳቢው። ወደ ጠረጴዛው ሄጄ መሰኪያውን ነቀልኩት። ዋሂድ፣ ኢትኔን፣ ተላታ። ጮክ ብዬ እንደቆጠርኩ ያወቅኩት ሰባት ስል ነው። መልሼ ሰካሁት።

ጨለማ ነበር። ሰብሳቢው መነጽራቸውን አውልቀው ሳጥኑን ቀርበው አዩት፤ ከዚያ ሲስተር አስካለን አዩ። ወረቀቴን ከፋይሉ አውጥተው ሰጡኝ።

ላፕቶፔን ከፍቼ ያችን አንድ ቃል ቀየርኩ። የሦስተኛውን አልጋ ቁልፍ እንደገና ተጫንኩ፣ እንደገና ነቀልኩ፣ እንደገና ሰባት ቆጥሬ ሰካሁ። ስድስቱም መብራት አንድ ላይ ቦግ አሉ።

"ይኼ ደግሞ ምንድን ነው?" አለ ያ ስለ ቃለ ጉባኤው ያወራው ሰው። "ስድስቱም ጠሩ?"

እኔ መልስ ከመስጠቴ በፊት ሲስተር አስካለ ከግድግዳው ላይ ጋዋኗን አወረደች። እጅጌዋን እያስገባች ስድስቱን መብራት አየች፤ ከዚያ ከመጀመሪያው አልጋ ጀምራ እናቶቹን አንድ በአንድ ልትጠይቅ ሄደች።